በየአራተኛው ቅዳሜ፦ ስለ ልብ መርፌ ለጎንደር የጤናና የትምህርት ኃላፊዎች የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ለጎንደር ከተማና በዙሪያው ላሉ ዞኖች የጤና ኃላፊዎች
ለትምህርት ኃላፊዎችና ለርእሳነ መምህራን
ጎንደር

ጉዳዩ፦ የሩማቲክ የልብ በሽታ መከላከያ መርፌ በየጤና ጣቢያው ሳይቋረጥ እንዲሰጥ ስለመጠየቅ

የተከበራችሁ ኃላፊዎች፣

መስከረም ሲጠባ ትምህርት ቤት ይከፈታል፤ ወዲያው መስከረም 19 ገደማ የዓለም የልብ ቀን ይመጣል። በዚያ ሰሞን ስለ ታላላቅ የልብ ሐኪሞች ይወራል፣ ባነር ይታተማል፣ «ጎንደርም የልብ ቀዶ ሕክምና ማዕከል ይገባታል» ይባላል። ይገባታል፤ ማን ይከራከራል? እኛ ግን በልብ ሕሙማን ክትትል ላይ የምንውል ሐኪሞች፣ ነርሶችና የፋርማሲ ባለሙያዎች ነንና ባነሩ ከመታዘዙ በፊት የምንለምነው ነገር አለ። ቤንዛቲን ፔኒሲሊን የተባለው መርፌ፣ የልብ በር ሕመም ላለበት ሰው ሁሉ፣ በየ28 ቀኑ፣ ለቤቱ በሚቀርበው ጤና ጣቢያ ሳይቋረጥ ይሰጥ። ልመናችን ይኸው ነው። ለምንና እንዴት የሚለውን ለማስረዳት ከአንድ ታላቅ ቀዶ ሐኪም ሕይወት እንነሣለን፤ በባነሩ ላይ ፎቶግራፋቸው ቢወጣ ከሚገባቸው ሰዎች አንዱ ናቸውና።

ማግዲ ያዕቆብ እ.ኤ.አ. በ1935 ግብፅ ውስጥ ቢልቤስ በምትባል ከተማ ከአንድ የኮፕት ክርስቲያን ቤተሰብ ተወለዱ። አባታቸው ቀዶ ሐኪም ነበሩ። ልጅ ሳሉ አክስታቸው ገና በሃያዎቹ መጀመሪያ ዕድሜዋ ሞተች። የገደላት ሚትራል የተባለው የልብ በር መጥበብ ነው። የልብ ሐኪም ለመሆን የቆረጡት በዚያ ሞት ምክንያት እንደሆነ እርሳቸው ራሳቸው ደጋግመው ተናግረዋል።

ይህን በር በቅርብ ማየት ይጠቅማል፤ የደብዳቤው ነገር ሁሉ የሚዞረው በእርሱ ዙሪያ ነው። ሚትራል ከሳንባ የመጣው ንጹሕ ደም ወደ ዋናው የልብ ክፍል የሚያልፍበት ባለ ሁለት ክንፍ በር ነው። በጤነኛ ሰው ሲከፈት ከ4 እስከ 6 ስኩዌር ሴንቲ ሜትር ይሰፋል፤ በግምት የአንድ ብር ሳንቲም ያህል። በሩማቲክ በሽታ፣ ማለትም ሳይታከም ከቀረ የጉሮሮ ሕመም በሚመጣው በሽታ፣ የተጠቃ እንደሆነ የክንፎቹ ጠርዝ እየተጣበቀ፣ ክንፉ እየደነደነ፣ የያዙት ክሮች እያጠሩ ይሄዳሉ። ክፍተቱ 1.5 ስኩዌር ሴንቲ ሜትርና ከዚያ በታች ሲሆን ጥበቱ ከባድ ይባላል። ወደፊት ማለፍ ያቃተው ደም ወደ ኋላ፣ ወደ ሳንባ ያቁራል። በመጀመሪያ የጎንደር ዳገት ያስቸግራል፣ ቀጥሎ ሜዳው ያደክማል፣ በመጨረሻ በጀርባ መተኛት ስለማይቻል ሌሊቱ በሦስት ትራስ ተደግፎ ይነጋል። ሴት ከሆነች ደግሞ ብዙ ጊዜ ሕመሙ የሚታወቀው ስታረግዝ ነው። በእርግዝና የደም መጠን ከ40 እስከ 50 ከመቶ ይጨምራል፤ ጠባቡ በር ግን አይሰፋም። በሰባተኛው ወር ገደማ ትንፋሽ ያጠራትን ነፍሰ ጡር «እርግዝናው ከብዷት ነው» ብሎ ማለፍ ሞትን ቀጠሮ መስጠት ነው።

በዚያ ዘመን ይህን በር በእጅ መክፈት እንደሚቻል የሚያምኑ ሐኪሞች ጥቂቶች ነበሩ። ሄንሪ ሳውታር የተባለ የለንደን ቀዶ ሐኪም እ.ኤ.አ. በ1925 ጣቱን በልብ ውስጥ አስገብቶ የአንዲት ልጅ ሚትራል በር ከፍቶ ነበር፤ ልጅቷም ድና ከሆስፒታል ወጣች። ከዚያ በኋላ ግን አንድም ታካሚ የላከለት ሐኪም አልተገኘም፤ በጊዜው የታመነው የልቡ ጡንቻ እንጂ በሩ ዋናው ችግር አይደለም ተብሎ ነው። ሥራው እንደገና እስኪነሣ ሃያ ሦስት ዓመት አለፈ። እ.ኤ.አ. በ1948 ቻርልስ ቤይሊ በፊላዴልፊያ፣ ድዋይት ሃርከን በቦስተን፣ ራስል ብሮክ በለንደን በወራት ልዩነት የተጣበቀውን በር መክፈት ቻሉ። ማግዲ ያዕቆብ እ.ኤ.አ. በ1957 ከካይሮ ዩኒቨርሲቲ ተመርቀው በ1960ዎቹ መጀመሪያ ወደ እንግሊዝ የተሻገሩት ከእነዚሁ ከብሮክ ዘንድ ለመማር ነው።

ቀጥሎ ያለውን ዓለም ያውቀዋልና ባጭሩ እንለፈው። ከለንደን ዳር በምትገኘው ሃርፊልድ ሆስፒታል እ.ኤ.አ. በ1980 የልብ ንቅለ ተከላ ጀመሩ። የለጋሹ ልብ በበረዶ ተይዞ ከ4 ሰዓት ገደማ በላይ ስለማይቆይ፣ ብዙ ጊዜ ራሳቸው በአውሮፕላን ሄደው ያመጡት ነበር። በዚያው ዓመት ልብ ከተተከለላቸው ሰዎች አንዱ፣ ዴሪክ ሞሪስ፣ 25 ዓመት ኖሯል። በ1983 በእንግሊዝ የመጀመሪያውን የልብና የሳንባ ንቅለ ተከላ ባንድ ላይ ሠሩ። ከቀዶ ሐኪሙ ከዶናልድ ሮስ የተማሩትን ቀዶ ሕክምናም አስፋፍተዋል፤ ደም ከልብ ወደ ሰውነት የሚወጣበት የአኦርታ በር ሲበላሽ ወጥቶ በቦታው የታካሚው የራሱ የሳንባ ቧንቧ በር ይተካል። በሩ ሕያው ስለሆነ ከሕፃኑ ጋር ያድጋል፣ ደም ማቅጠኛም አይሻም።

በእኛ ዓይን ግን የሕይወታቸው ትልቁ ክፍል ከዚህ በኋላ ያለው ነው። እ.ኤ.አ. በ1995 «የተስፋ ሰንሰለት» የሚል ትርጉም ያለው የበጎ አድራጎት ድርጅት መሠረቱ። በድሃ አገር የሚወለዱ የልብ ሕሙማን ሕፃናትን ያሳክማል፣ በየአገሩም ሐኪም ያሠለጥናል፤ ኢትዮጵያም ከተረዱት አገሮች አንዷ ናት። በ2009 ደግሞ ግብፅ ውስጥ አስዋን ላይ ታካሚ ሳይከፍል የሚታከምበት የልብ ማዕከል ተከፈተ። ከጣና የሚነሣው ውሃ በዚያች ከተማ በኩል ያልፋል፤ እዚህ ጎርጎራ ዳር ያለች እናትና እዚያ አስዋን ያለች እናት ልጃቸውን የሚቀማቸው በሽታ አንድ መሆኑ ግን በወንዙ ምክንያት አይደለም። ብዙ ሰው በአንድ ክፍል በሚተኛበት፣ የጉሮሮ ሕመም ሳይታከም በሚታለፍበት ቦታ ሁሉ በሽታው ያው ነው። የእኛው ዶክተር በላይ አበጋዝም ያዩት ይህንኑ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1989 የልብ ሕሙማን ሕፃናት መርጃን አቋቁመው፣ ከሃያ ዓመት ልፋት በኋላ በ2009 በአዲስ አበባ ጥቁር አንበሳ ግቢ የልብ ማዕከሉ ተከፈተ። ከጎንደር እዚያ ለመድረስ ከ700 ኪሎ ሜትር በላይ መንገድ አለ፤ ወረፋውም ረጅም ነው።

አሁን ወደ ጉሮሮ እንመለስ።

ስትሬፕቶኮከስ የሚባለው ባክቴሪያ በተለይ ከ5 እስከ 15 ዓመት ያሉ ልጆችን ጉሮሮ ያማል። ድንገት ትኩሳት ይነሣል፣ መዋጥ ያሳምማል፣ ከመንጋጋ ሥር ንፍፊት ያብጣል፣ ቶንሲሉ ላይ ነጭ ነጥብ ይታያል። ሳልና ንፍጥ ካለበት ብዙውን ጊዜ ቫይረስ ነው፤ ፔኒሲሊን አይሻም። ባክቴሪያው ከሆነ ሕመሙ በጀመረ በ9 ቀን ውስጥ ፔኒሲሊን ከተሰጠ፣ ከጉሮሮው ሕመም ቀጥሎ መጥቶ ልብን የሚጎዳውን የሩማቲክ ትኩሳት ማስቀረት ይቻላል። ወይ አንድ የቤንዛቲን መርፌ ነው፤ ወይም በአፍ የሚወሰድ ፔኒሲሊን ወይም አሞክሳሲሊን ለ10 ቀን ሙሉ። የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው። ልጁ በሦስተኛው ቀን ይሻለውና የቀረው ክኒን ለሚቀጥለው ታማሚ ተብሎ ይቀመጣል። አለዚያም ባክትሪም ይገዛለታል፤ ባክትሪም ደግሞ ይህን ባክቴሪያ ከጉሮሮ አያጠፋም። እንጥል ማስቆረጥ ያው ነው፤ ልጁን ያደማዋል፣ ሌላ ቁስል ይጨምርለታል፣ ልቡን ግን አያድንለትም። ይህን ለወላጅ ስንነግር በቁጣ ባይሆን መልካም ነው፤ እናት እንጥል የምታስቆርጠው ልጇን ስለምትወድ ነው።

ካልታከሙት ልጆች ጥቂቶቹ፣ ሁለት ሦስት ሳምንት ቆይቶ፣ መገጣጠሚያቸው ያብጣል። ዛሬ ጉልበት፣ ከነገ ወዲያ ቁርጭምጭሚት፣ ቀጥሎ ክርን። ሕመሙ ከቦታ ቦታ መዞሩ ዋናው ምልክት ነው። ቤተሰቡ «ቁርጥማት ነው» ወይም «ኳስ ሜዳ ወድቆ ነው» ይላል፤ ከመድኃኒት ቤት ዳይክሎፌናክ ይገዛል፤ እብጠቱም በአንድ ሁለት ቀን ስለሚሟሽሽ ነገሩ ይረሳል። የጥንት ሐኪሞች ይህን በሽታ «መገጣጠሚያን ይልሳል፣ ልብን ይነክሳል» ይሉት ነበር። መገጣጠሚያው ምንም ሳይጎዳ ይድናል፤ የልብ በሩ ግን ጠባሳ ይዞ ይቀራል። ያው ባክቴሪያ እንደገና በተመለሰ ቁጥር ጠባሳው ይጨምራል፤ ስለዚህ አንዴ የታመመ ልጅ ሁለተኛ እንዳይታመም መርፌው በየጊዜው ይሰጠዋል። በሩን የሚያጠብበው መመላለሱ ነው።

ይህ ግምት አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2021 ውጤቱ በታወቀው የኡጋንዳ ጥናት፣ ምልክት ገና ያልታየባቸው፣ በኢኮ (ልብን በድምፅ ሞገድ በሚያሳየው ምርመራ) ብቻ የልብ በር ጉዳት የተገኘባቸው 818 ልጆች ለሁለት ተከፍለው ነበር። በየ4 ሳምንቱ መርፌ ካገኙት ውስጥ በሁለት ዓመት ጉዳቱ የባሰባቸው 0.8 ከመቶ ብቻ ሲሆኑ፣ መርፌ ካላገኙት ግን 8.2 ከመቶው ባሰባቸው። በሌላው ወገን ደግሞ ኢትዮጵያም የተካተተችበት የ14 አገሮች ጥናት አለ፤ ክትትል ከሚያደርጉት 3,343 የሩማቲክ ልብ ሕሙማን ውስጥ ወደ 17 ከመቶ የሚጠጉት በሁለት ዓመት ውስጥ ሞተዋል። የታካሚዎቹ መካከለኛ ዕድሜ 28 ነበር።

መርፌው ታዲያ ለምን ይቋረጣል? አንደኛው ምክንያት የዘመን አቆጣጠር ነው ብንላችሁ ትስቁ ይሆናል።

ታካሚዎቻችን ቀጠሮን በበዓል ያስታውሳሉ። ባለ ሚካኤል በ12፣ ባለ ማርያም በ21፣ ባለ መድኃኔዓለም በ27 ይመጣል። ልማዱ ያማረ ነው፤ ማንም ቀኑን አይረሳም። ነገር ግን ከሚካኤል እስከ ሚካኤል 30 ቀን ነው። ነሐሴ 12 የተወጋ ልጅ መስከረም 12 ሲመለስ ደግሞ ጳጉሜን አልፎ ነውና 35 ቀን ሆኖታል፤ ጳጉሜ ስድስት በሆነችበት ዓመት 36። የመድኃኒቱ መጠን በደም ውስጥ ከሦስተኛው ሳምንት ጀምሮ መመናመን ይጀምራል፤ 28 ቀን ራሱ የመጨረሻው ጠርዝ ነው፣ አደጋቸው ከፍ ያለ ታካሚዎችም በየ21 ቀኑ ይወጋሉ። እና ልጁ በዓመቱ መለወጫ፣ ክፍሉ ስድሳ ሰባ ልጅ በሚሞላበት ሳምንት፣ ያለ ጋሻ ትምህርት ቤት ይገባል።

መድኃኒቱም ሲታዘዝ «ወር» የምትለው ቃል ታሳስታለች። በየ28 ቀኑ ማለት በዓመት 13 መርፌ ነው። በ12 አባዝቶ ያዘዘ ጤና ጣቢያ 100 ታካሚ ቢኖረው 100 ጠርሙስ ይጎድለዋል። በዚህ ላይ ያው ቤንዛቲን ለጉሮሮ ሕመምም፣ ለነፍሰ ጡር የቂጥኝ ሕክምናም ይወጣል፤ ለቂጥኙ በአንድ ጊዜ 2.4 ሚሊዮን ዩኒት፣ ማለትም ባለ 1.2 ሚሊዮኑ ሁለት ጠርሙስ ይፈልጋል። የልብ ሕሙማኑ ድርሻ ለብቻው ካልተያዘ ማለቁ አይቀርም። 40 ታካሚ ያለው ጤና ጣቢያ 40 በ13፣ 520 ጠርሙስ ለእነርሱ ብቻ ይያዝ፤ ለሚሰበርና ለአዲስ ታካሚ አሥር ከመቶ ይጨመርበትና 572 ይሁን። መደርደሪያው ላይ 80 ሲቀር፣ የሁለት ዙር ያህል ማለት ነው፣ አዲስ ትእዛዝ ይላክ። ዜሮ እስኪሆን አይጠበቅ።

ለቀጠሮው መፍትሔ የሚሆን ሐሳብ አለን፤ በዓሉ ቀርቶ ገበያ ይሁን። ጎንደር ቅዳሜ ገበያ ነው፤ ከገጠሩ የሚመጣው ሰው በዚያ ቀን ይመጣል። በየአራተኛው ቅዳሜ ቢባል ልክ 28 ቀን ነው፣ አንድም ቀን አይዛነፍም፣ ጳጉሜም አይነካውም። በሌላ ቀን ገበያ የሚቆምባቸው የወረዳ ከተሞች የራሳቸውን የገበያ ቀን ይያዙ። ቅዳሜ ሥራ አለ ወይ የሚል ጥያቄ እንደሚነሣ እናውቃለን። አንድ ነርስና አንድ የካርድ ሠራተኛ ግማሽ ቀን ይበቃሉ፤ የትርፍ ሰዓቱ አበል ከሪፈር መኪና ነዳጅ አይበልጥም።

ለሰሊጥ አጨዳ ወደ መተማ የሚወርዱት ወጣቶች ሌላ ጉዳይ ናቸው። ከመስከረም መጨረሻ ጀምሮ ሁለት ሦስት መርፌ ሳይወስዱ ይመለሳሉ። ለእነርሱ የሚያስፈልገው የትም ጤና ጣቢያ የሚታይ ካርድ ነው፤ በካርዱ ላይ የሕመሙ ስም፣ ክብደት፣ መጠን፣ የመጨረሻው መርፌ ቀን፣ የሚቀጥለው ቀን፣ የአለርጂ ታሪክ ይጻፍበት። መንገድ የሚዘጋበት ጊዜም ይመጣልና የሩቅ አገር ታካሚ ለክፉ ቀን በአፍ የሚወሰድ ፔኒሲሊን ይያዝ፤ 250 ሚሊ ግራም ጠዋትና ማታ፣ ለአንድ ወር 60 ክኒን። ከመርፌው ያንሳል፣ ከባዶ እጅ ግን ይሻላል። ቀን ያለፈበት ሰው ደግሞ በመጣበት ቀን ይወጋ። «ቀጠሮህ አልፏል፣ በሚቀጥለው ና» የሚባለው ነገር ከሁሉ የባሰ ጥፋት ነው።

ሁለተኛው ምክንያት ፍርሃት ነው፤ የባለሙያው ፍርሃት። ቤንዛቲን ተወግቶ ሰው ሞተ የሚል ወሬ ያልሰማ ነርስ የለምና፣ ብዙው ጤና ጣቢያ ታካሚውን ወደ ሆስፒታል መመለስ ይመርጣል። ወሬው ባዶ አይደለም፤ ምክንያቶቹ ግን ተለይተው መታወቅ አለባቸው። ከባድ አለርጂ ከ10,000 መርፌ በጥቂቶቹ የሚያጋጥም ነው። መድኃኒቱ ሟሚ ስላልሆነ በስሕተት ደም ሥር ከገባ ልብ ሊያቆም ይችላል። ሦስተኛው በቅርብ ዓመታት የታወቀ ነው፤ ልቡ ክፉኛ የደከመ ሰው በሕመሙና በድንጋጤው ደም ግፊቱ ወርዶ፣ ያ የደከመ ልብ መቋቋም ያቅተዋል። አለርጂ ተብለው ከተቆጠሩት ሞቶች ጥቂት የማይባሉት ይህ ዓይነት ሳይሆኑ አይቀሩም። ስለዚህ ቁጭ ብሎ ትንፋሽ የሚያጥረው፣ እግሩ ያበጠ፣ በየጊዜው ራሱን የሚስት ታካሚ በጤና ጣቢያ አይወጋ፤ ሐኪሙ በአፍ ወደሚወሰደው ያዛውረዋል። የቀሩት፣ ማለትም አብዛኞቹ፣ በጤና ጣቢያ በደኅና ይወጋሉ።

አሠራሩን በዝርዝር የምንጽፈው ለነርሶቹ ሥልጠና እንዲሆን ነው። ታካሚው ቁርስ በልቶ፣ ውሃ ጠጥቶ ይምጣ፤ በባዶ ሆድ የመጣ አይወጋ። ባለፈው ሽፍታ ወይም ማሳከክ ነበረብህ ወይ ተብሎ በየጊዜው ይጠየቅ። ይመዘን፤ ከ27 ኪሎ በታች 600,000 ዩኒት፣ 27ና ከዚያ በላይ 1.2 ሚሊዮን። ልጅ ያድጋል፤ ካርዱ ላይ የዛሬ ሁለት ዓመት የተጻፈው ክብደት አይታመንም። ዱቄቱ በማሸጊያው ላይ በተጻፈው የውሃ ልክ ይበጥበጥ፤ ጠርሙሱ የዱቄቱ ጓል እስኪጠፋ ይናጥ፤ ከተበጠበጠ በኋላ አይቀመጥ። አስቀድሞ ለአሥር ሰው በጥብጦ መደርደር ጊዜ የሚቆጥብ ይመስላል፤ ነገር ግን ፈሳሹ እንደ ኖራ ከታች ይረጋና መርፌው መሀል መንገድ ላይ ይደፈናል። ነርሷ ጨክና ትገፋለች፣ ልጁ ይጮኻል፣ መርፌው ይወጣል፣ ሁለተኛ ይወጋል። ያ ልጅ ለሚቀጥለው ዙር እናቱ ተሸክማው ካልሆነ አይመጣም። መቅጃው መርፌ ተቀይሮ አዲስ ባለ 21 ጌጅ ይሰካ። ታካሚው በጎኑ ይጋደም፤ ከዳሌው ጎን፣ ነርቩ በሌለበት በኩል ይወጋ። ፒስተኑ ወደ ኋላ ይሳብ፤ ደም ከታየ ይውጣና ሁሉም እንደ አዲስ ይጀመር። ካልታየ በአንድ እርጋታ፣ ሳይቆም፣ ከ2 እስከ 3 ደቂቃ ይገፋ። ከዚያ በኋላ ታካሚው ተጋድሞ ይቆይ እንጂ ወዲያው ተነሥቶ አይሂድ፤ ግማሽ ሰዓት ግቢው ውስጥ ይጠበቅ።

ለከባድ አለርጂ የሚሰጠው አድሬናሊን ከመርፌው ጋር አንድ ሳህን ላይ ይቀመጥ፤ ተቆልፎ ቁልፉ ከኃላፊው ኪስ አይሁን። መጠኑ ለአዋቂ 0.5 ሚሊ ግራም፣ ለሕፃን በኪሎ 0.01 ሚሊ ግራም፣ ጭን ላይ በጡንቻ። ይህን ግድግዳው ላይ በትልቅ ፊደል መጻፍ የአንድ ማርከር ዋጋ ነው።

ስንት ዓመት ይወጋል የሚለው ጥያቄ በየቀኑ ይመጣል። ልቡ ያልተነካ እንደሆነ ከመጨረሻው ሕመም ጀምሮ 5 ዓመት ወይም 21 ዓመት እስኪሞላው፣ ረጅሙ የትኛውም ቢሆን። ልቡ ተነክቶ በሩ ከዳነ 10 ዓመት ወይም እስከ 21። በሩ ተጎድቶ ከቀረ 10 ዓመት ወይም እስከ 40፤ አንዳንዱ ዕድሜ ልኩን። ቀዶ ሕክምና የተሠራለትም መርፌው አይቀርለትም፤ ብዙ ቤተሰብ «ተሠርቶለት የለ?» እያለ ያስቆማል። የተቀየረው አንድ በር ነው፤ ሌሎቹ አሁንም የራሱ ናቸው።

ለመምህራን የምንለው አጭር ነው፣ ሆኖም ሌላ ማንም ሊያየው የማይችል ነገር እነርሱ ያያሉ። ከጉሮሮ ሕመሙ ከወራት በኋላ አንዳንድ ልጅ፣ በብዛት ሴት ልጅ፣ እጇ ያለ ፈቃዷ መወናጨፍ ይጀምራል። ባለፈው ሴሚስተር መስመር ጠብቃ ትጽፍ የነበረች ልጅ ፊደሏ እየተበተነ ከመስመር ይወጣል፤ ውሃ ስትጠጣ ኩባያው ያመልጣታል፤ ፊቷ ይቀያየራል፤ በትንሽ ነገር ታለቅሳለች። እቤት «ዓይነ ጥላ ነው» ይባላል፣ ክፍል ውስጥ «ቀበጠች» ተብላ ትቀጣለች። ስትተኛ መወናጨፉ ይቆማል። ይህ የሩማቲክ ትኩሳት አንዱ መልክ ነው። መምህሩ ከሁለት ወር በፊት የነበረውን ደብተርና የዛሬውን ጎን ለጎን አድርጎ ለወላጅ ያሳይ፤ ከዚያ ወደ ጤና ጣቢያ ይላክልን። ጸበልም ቢሄዱ አንከለክልም፤ መርፌውንና ቀጠሮውን አያቋርጡ እንጂ።

በልባቸው ብረት በር የተተከለላቸው ደግሞ ዋርፋሪን የተባለውን ደም ማቅጠኛ ዕድሜ ልክ ይወስዳሉ። የደም መርጋት ቁጥሩ ለሚትራል የብረት በር ከ2.5 እስከ 3.5 መሆን አለበት፤ ካነሰ በሩ ላይ ደም ይረጋል፣ ከበለጠ ይደማሉ። በእኛ አገር ቁጥሩን ከሚያናውጡት ነገሮች አንዱ ጎመን ነው። በዐቢይ ጾም 55 ቀን ጎመን በየገበታው ይበዛል፣ በውስጡ ያለው ቫይታሚን ኬ መድኃኒቱን ያዳክማል፣ ቁጥሩ ይወርዳል፤ ፋሲካ ሲገባ ጎመኑ ይቀርና ሽቅብ ይወጣል። ምክሩ ጎመን ተዉ አይደለም፤ ዓመቱን ሙሉ ያህሉን አታለዋውጡ ነው፤ በጾሙ መግቢያና መውጫም አንዳንድ ተጨማሪ ምርመራ ይደረግ። ቁጥሩ ከልክ ባለፈ ጊዜ የጡንቻ መርፌ መውጋት ደም ያቋጥራልና ሁለቱ ቀጠሮዎች በአንድ ቀን ቢሆኑ፣ ምርመራው ቢቀድም መልካም ነው። ዋርፋሪን የምትወስድ ሴት ከማርገዟ በፊት ሐኪም ታማክር፤ መድኃኒቱ ፅንስ ይጎዳል።

በየትምህርት ቤቱ በተንቀሳቃሽ ኢኮ ልጆችን እንመርምር የሚል ሐሳብም ተነሥቷል። ደግ ነው፤ አንድ ልጅ በጥቂት ደቂቃ ይታያል። ነገር ግን መርፌው በማይገኝበት ቦታ ልጅን መርምሮ «ልብሽ ታሟል» ብሎ መመለስ ተገቢ አይመስለንም። ቅደም ተከተሉ ይጠበቅ፦ መጀመሪያ መዝገብና መድኃኒት፣ ቀጥሎ ኢኮ።

ይህች ከተማ ለዚህ ሥራ እንግዳ አይደለችም። በደንቢያ ብዙ ሕዝብ የፈጀው የወባ ወረርሽኝ ገና ሳይረሳ፣ በ1947 ዓ.ም. የጎንደር የሕዝብ ጤና ኮሌጅ ሲከፈት፣ የጤና መኮንን፣ የማኅበረሰብ ነርስና ሳኒቴሪያን በቡድን ሆነው በየጤና ጣቢያው እንዲወጡ ነበር የታሰበው። እኛም የምንጠይቀው ከዚያ የተለየ አይደለም።

እስከ ጥቅምት መጀመሪያ ድረስ በየጤና ጣቢያው አንድ ነርስ የልብ መዝገብ ኃላፊ ሆና ብትሰየምልን፣ የመድኃኒት ጥያቄው በ13 ተባዝቶ ቢላክልን፣ የመጀመሪያው የመርፌ ቅዳሜ ቢወሰንልን፣ ሥልጠናውን እኛ ያለ ክፍያ እንሰጣለን። ከአንድ ዓመት በኋላ የሥራው መለኪያ አንድ ቁጥር ይሁን፤ ከተመዘገቡት ውስጥ ከ13ቱ ቢያንስ 11 መርፌ ያገኙት ስንት ናቸው? ያ ቁጥር በሚቀጥለው የልብ ቀን ባነር ላይ ይጻፍ።

ከአክብሮት ጋር፣
በጎንደርና በአካባቢው በልብ ሕሙማን ክትትል ላይ የምንሠራ የጤና ባለሙያዎች

ግልባጭ፦
ለወላጅ መምህር ኅብረቶች
ለከተማው መድኃኒት ቤቶች (ባክትሪም የሚመለከተው አንቀጽ በተለይ ይነበብ)